ለመጨረሻው የካፋ ታቶ መታሰቢያ

በመስከረም 1890 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1897) የካፋው ንጉሥ ታቶ ጋኪ ሼሮቾ ተማረኩ። አምስት መቶ ዓመት ያህል የቆየው የካፋ መንግሥትም በዚያው ወር አበቃ። የዓድዋ ድል ከተገኘ ገና ሁለት ዓመት አልሞላም ነበር። በትምህርት ቤት ታሪካችን ዓድዋ ምዕራፎች ሲሰጡት፣ የካፋ ፍጻሜ ብዙ ጊዜ በአንድ ዐረፍተ ነገር ይታለፋል። እኒህ ሰው ግን ንጉሥም የጦር መሪም ነበሩ። አገራቸውን እስከ መጨረሻው የጠበቁ ናቸውና ሙሉ መታሰቢያ ይገባቸዋል።

የካፋ ንጉሥ መጠሪያ ታቶ ነው። የሚንጆ ጎሣ ነገሥታት በቦንጋና በአንድራቻ ተቀምጠው ከጎጀብ ወንዝ በስተደቡብ ያለውን ደጋና ደን ይገዙ ነበር። ታቶ ተራ ሰው የማያያቸው፣ በመጋረጃ የሚከለሉ ክቡር ነበሩ። ሆኖም ብቻቸውን አይወስኑም፤ ሚክሬቾ የሚባሉ ሰባት አማካሪዎች አብረዋቸው ይመክሩ ነበር። ወደ ቦንጋ ገበያ ነጋዴዎች ለዝባድ፣ ለዝሆን ጥርስና ለቡና ይመጡ ነበር። ወደ አገሩ መግባት ግን በፈቃድ ነው። ዳር ድንበሩ በጥልቅ ጉድባና በእንጨት አጥር የታጠረ ሲሆን መግቢያው ጠባቂ የማይለየው ኬላ ነበር።

ጋኪ ሼሮቾ በጋሊ ሼሮቾ እግር ተተክተው የነገሡት እ.ኤ.አ. በ1890 ነው። የነገሡበት ዘመን ክፉ ነበር። በዙሪያቸው ያሉት መንግሥታት አንድ በአንድ ለዳግማዊ ምኒልክ እየገቡ ነበር። የጅማው አባ ጅፋር ገብረው መንግሥታቸውን አተረፉ። የወላይታው ንጉሥ ጦና ተዋግተው በ1887 ዓ.ም. ተማረኩ። ሁለቱም መንገዶች ለካፋ ክፍት ነበሩ፤ የሁለቱንም ዋጋ ታቶው ያውቁት ነበር። ግብር አስገብቶ በአገር መቀመጥ የሚያሳፍር አልነበረም፤ ጅማ ከብዙ ጥፋት የዳነችው በዚሁ ነው። ጋኪ ሼሮቾ ግን መዋጋትን መረጡ።

በራስ ወልደ ጊዮርጊስ የሚመራው የምኒልክ ጦር ከአንድ አቅጣጫ በላይ ገሠገሠ። የአባ ጅፋር ሠራዊትም አብሮ ነበር። የመጣው ጦር በብዛቱም በመሣሪያውም ከካፋ ጋር የሚመዛዘን አልነበረም። ከጥቂት ዓመታት በኋላ ካፋን ሁለት ጊዜ የጎበኘው ኦስትሪያዊው ፍሪድሪክ ቢበር ከአገሬው ሰምቶ እንደ መዘገበው፣ የካፋ ጠመንጃ ጥቂት መቶ ብቻ ነበር፤ የሚበዛው ተዋጊ የያዘው ጦርና ጋሻ ነው። በዚህ ሁኔታ ሜዳ ላይ ወጥቶ መግጠም ሕዝብ ማስጨረስ ነበር። ለታቶው የቀራቸው ኃይል አገሩ ራሱ ነው፤ ደኑ፣ ዝናቡ፣ ገደሉና መንገዱን የሚያውቀው ሕዝብ። አንድራቻ ተይዞ ቤተ መንግሥቱ ከተቃጠለ በኋላም እየተሸሸጉና ቦታ እየለወጡ ለወራት ሳይያዙ ቆዩ። ንጉሡን ያልያዘ ጦር አገሩን አልያዘምና ያ ሁሉ ሠራዊት በደን ውስጥ አንድን ሰው ሲያስስ ከረመ። ስማቸውን ከታላላቅ የጦር መሪዎች ጋር ልንጠራ የሚገባን ለዚህ ነው። የማይተካከል ጦር በመጣ ጊዜ ታግሠው አገራቸውን እንደ ምሽግ ተጠቀሙበት።

ከተማረኩ በኋላ በብር ሰንሰለት ታስረው ወደ ሸዋ ተወሰዱ። ጎጀብን ሲሻገሩ የንግሥና ቀለበታቸውን ወደ ወንዙ እንደ ወረወሩ በካፋ ይነገራል። ከእሳቸው በኋላ የሚነግሥ እንደሌለ ያወጁት በዚህ ነው ይባላል። ከዚያ በኋላ የቀረው ዕድሜያቸው እስር ነበር። ዳግማዊ ምኒልክ እ.ኤ.አ. በ1913 አረፉ፤ የማረኳቸው ራስ ወልደ ጊዮርጊስም የጎንደር ንጉሥ ተብለው እ.ኤ.አ. በ1918 ሞቱ። ታቶ ጋኪ ሼሮቾ ሁለቱንም ቆይተው እ.ኤ.አ. በ1919 በግዞት እንዳሉ አለፉ። ነጻ ሆነው የነገሡት ሰባት ዓመት ነው፤ ታስረው የኖሩት ከሃያ ዓመት ይበልጣል።

የሕዝቡ መከራ ከንጉሡ መከራ ይከፋ ነበር። በጦርነቱና ከዚያ በኋላ በተከተለው የባርያ ፈንጋይ ዘመን አያሌ መንደር ሰው አልባ ሆነ፣ እርሻው ዳዋ ዋጠው። ሐዘናችን እውነተኛ እንዲሆን የቀድሞውንም ሥርዓት ሳናሳምር ማውሳት አለብን። ካፋ ራሱ ባርያ የሚሸጥበትና ማንጆ የሚባሉ ወገኖች ከማዕድ ተለይተው የሚኖሩበት አገር ነበር። ያ በደል ግን ለድል አድራጊው ግፍ ምክንያት አይሆንም፤ የንጉሡንም ጀግንነት አያጠፋም። ሁለቱንም አንድ ላይ መሸከም የሚችል መታሰቢያ ብቻ ነው ለልጆች የሚተላለፍ።

የንጉሡ ዘውድም የራሱ ስደት ነበረው። ዳግማዊ ምኒልክ ለአማካሪያቸው ለስዊዘርላንዳዊው መሐንዲስ ለአልፍሬድ ኢልግ ሰጡት፣ እሱም ወደ ዙሪክ ወሰደው። ዘውዱ ከአገር እስከ ራቀ ድረስ ካፋ ዳግም አይነግሥም የሚል እምነት እንደ ነበረ ይነገራል። ለቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ የተመለሰው እ.ኤ.አ. በ1954 ነው፤ ባለቤቱ ካረፉ ከሠላሳ አምስት ዓመት በኋላ መሆኑ ነው።

ዛሬ ቦንጋ ከደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ ሕዝቦች ክልል መቀመጫዎች አንዷ ናት። ብሔራዊ የቡና ሙዚየም የቆመው እዚሁ ነው። ታቶው የተሸሸጉበት የካፋ ደንም እ.ኤ.አ. በ2010 በዩኔስኮ የባዮስፌር ጥብቅ ስፍራ ሆኖ ተመዝግቧል። ዓለም ካፋን በቡናዋ ያውቃታል። እኛ ኢትዮጵያውያን ግን በመንግሥቷም ልናውቃት ይገባል። የወንዝ ማዶውን ሐዘን የማያውቅ ሰው የአገሩን ታሪክ ገና በግማሹ ነው ያነበበው። የዓድዋን ኩራት የሚማር ተማሪ ሁሉ ከዚያው መጽሐፍ የካፋን ውድቀት ይማር፤ የምኒልክን ስም የሚያውቅ የጋኪ ሼሮቾንም ይወቅ። የኢትዮጵያ ታሪክ የአሸናፊዎቹ ብቻ ሳይሆን አገራቸውን ሲጠብቁ የተሸነፉትም ነው። ታቶ ጋኪ ሼሮቾ በዚህ ታሪክ ውስጥ ስፍራቸው ከነገሥታቱ ተርታ ነው፤ ክብር ለእሳቸውና አብረዋቸው ለወደቁት ይሁን።