ጎሕ ሳይቀድ ደጅ የሚቆም ሳቅ፦ አለባቸው ተካ ከላሊበሎች ጋር ሲነጻጸር

ሐይቅ ከደሴ በስተሰሜን 30 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ በወልድያ መንገድ ላይ ትገኛለች። በዚያና በአምባሰል ያደገ ሰው «ላሊበላ መጣ» ሲባል ውቅር አብያተ ክርስቲያናቱ አይታወሱትም። የሚታወሱት ጎሕ ሳይቀድ ደጅ የሚቆሙት፣ በሌላ ስማቸው ሐሚና የሚባሉት ዘፋኞች ናቸው። ብዙውን ጊዜ ባልና ሚስት ሆነው ይመጣሉ። ባልየው የአባወራውን ስም አስቀድሞ ከጎረቤት ያጣራል፤ በስሙ እየገባ ግጥም ይደረድራል፤ ሚስትየዋ ዜማውን ይዛ ትቀበለዋለች። የሰጣቸውን ይመርቃሉ፤ የነፈጋቸውን ይሸረድዳሉ። ቤተሰቡ ጋቢውን እንደተከናነበ ይስቃል፤ ሳቁ ሳይበርድ አንዱ እህል ይዞ ይወጣል። ዘፋኙ ቤቱን ሳያስቅ ወይም ሳያሳፍር እጁን አይዘረጋም።

ስለ አለባቸው ተካ ስጽፍ ከዚህ ደጅ መነሣቴ የትውልድ ቀዬ ለመቁጠር አይደለም፤ የማነጻጽረው ሥራን ከሥራ ነው። ስለ አለቤ የሚባለው ነገር አብዛኛውን ጊዜ ሕይወቱን ለሁለት ይከፍለዋል፦ መጀመሪያ ቀልደኛ ነበር፣ ኋላ በጎ አድራጊ ሆነ። የመጀመሪያው ከልመነህ ታደሰ ጋር ተጣምሮ ያሳቀን ነው፤ ሁለተኛው በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን፣ በ«አለቤ ሾው»፣ ለችግረኞች ደጅ የጠናው። ይህ አከፋፈል ለዜና ዕረፍት ይመች ይሆናል፤ ለሒስ ግን አይበጅም። ለእኔ ሙያው አንድ ነው።

በጥንድ ቀልድ ተመልካች ዐይኑን የሚጥለው በሚያስቀው ላይ ነው። ተቀባዩን ልብ የሚለው የለም። ተቀባዩ ግን ነገሩን ካላመነው፣ ካልደነገጠለት፣ ሲያስፈልግም ካልተቆጣ ቀልዱ መሬት ወድቆ ይቀራል። የላሊበላዋ ሚስት ሥራ ይኸው ነው፦ ባሏ ግጥሙን እስኪያገኝ ዜማውን ታቆይለታለች። የአለባቸውንና የልመነህን ካሴት ስሰማ ጆሮዬ የሚያርፈውም ከመልሱ በፊት ባለችው ዝምታ ላይ ነው። በልጅነቴ ሐይቅ ከተማ አንድ ሻይ ቤት ነበር። ባለቤቱ የቀልድ ካሴት እያጫወተ ሰዉ ሲስቅ ቴፑን ወደ ኋላ ይመልሳል፤ የሚመልሰው ግን እስካሳቀችው ቃል ብቻ አልነበረም፤ ከቃሏ በፊት እስካለችው ትንፋሽ ድረስ ነው። «እቺን ስሙልኝ» ይላል፣ ብርጭቆውን እየወለወለ። ስለ ትወና ብዙ አንብቤአለሁ፤ ከዚህ የሚበልጥ ትምህርት ግን እምብዛም አላገኘሁም።

   

አለቤ ወደ ቴሌቪዥን ሲሻገር ይዞት የሄደው የተቀባዩን ሙያ ይመስለኛል። የውይይት ዝግጅት በአገራችን ገና እንግዳ በነበረበት ጊዜ መስማትን ሥራው አደረገ። ባለታሪኩ ይናገራል፣ እሱ ይቀበላል፤ ከዚያ ወደ ተመልካቹ ዞሮ በሰውዬው ስም ይለምናል። ሰው ሲያስቀው የለመደውን ፊት ሲያይ ደጁን ይከፍታል፤ ቦርሳውንም እንደዚያው። ላሊበሎች ይህን ካወቁት ስንት ዘመናቸው!

ልዩነቱን ግን መሸፋፈን አይገባም። ላሊበላው ለራሱ የሚለምን ባለ ሙያ ነው፤ ቢነፍጉት የሚሸረድድበት አንደበት አለው። ቴሌቪዥን ፊት የቀረበው ችግረኛ ይህ አንደበት የለውም፤ ያለው ዕንባው ብቻ ነው። አለቤ ጨዋታውን እያዋሰ ይህን ጉድለት ያቃልለው ነበር። ከእሱ በኋላ የመጡት ብዙዎቹ ዝግጅቶች ዕንባውን ወስደው ጨዋታውን ተዉት፤ በምትኩ ሐዘን የተሞላ ሙዚቃ ከሥሩ አስገቡ። በእኔ ዐይን ይህ ውርስ ሳይሆን ኪሳራ ነው።

ይህን ሁሉ ለምን አልተወያየንበትም? ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም በ1913 ዓ.ም. ገደማ የደረሱት «ፋቡላ፦ የአውሬዎች ኮመዲያ»፣ የመጀመሪያው ዘመናዊ ቴአትራችን፣ ኮሜዲ ነው፤ በእንስሳት አፍ ሹማምንቱን ስለነካ ታገደ። መንግሥቱ ለማም በ«ጠልፎ በኪሴ» እና በ«ያላቻ ጋብቻ» ተምሮ የተመለሰውን ወጣት ከአገር ልማድ ጋር እያጋጩ አሳቁን። ሒሳችን ግን ክብሩን ለትራጄዲ አስቀምጦ፣ ኮሜዲን ሲያነሣም ከደራሲው አያልፍም። ደራሲው መጽሐፍ ሆኖ መደርደሪያ ላይ ተቀምጧል፤ የተዋናዩ ትንፋሽ ያለው በሚያረጅ ክር ላይ ነው።

አለባቸው ተካ በ1997 ዓ.ም. በመኪና አደጋ ሞተ። ከልመነህ ጋር ከሠሯቸው ካሴቶች አንዱ ቤትዎ ካለ፣ ክሩ ሳይበጠስ ያስገልብጡት፤ አንድ ቅጂም ደሴ ለሚገኘው የወሎ ዩኒቨርሲቲ ቤተ መጻሕፍት ይስጡልን።