የወደቀ ይማረው

ባለፈው ሰሞን የቤቴ ቧንቧ ፈነዳና ሠራተኛ ፍለጋ ገባሁ። ጎረቤቴ «በቧንቧ ሥራ የተመረቀ ልጅ አለ» ብለው አንዱን ላኩልኝ። ልጁ ጨዋ ነው። የብቃት ምዘናውንም አልፏል፤ ወረቀቱን በፕላስቲክ አስለብጦ ይዞታል። ቧንቧውን አየና አንገቱን ደፋ።

«ጋሼ፣ እውነቱን ልንገርዎት፣ እኛ የተማርነው በሥዕል ነው።»

የቧንቧ ጥርስ ማውጫው አንድ፣ ተማሪው ብዙ ነበር አለኝ። ለተግባር ልምምድ የተላከበት ድርጅት ደግሞ ሻይ ሲያስመላልሰው ከርሞ ቅጹን ፈረመለት። በመመሪያው ግን ሥልጠናው 70 በመቶው ተግባር፣ 30 በመቶው ንድፈ ሐሳብ ነው!

ልጁ ላይ አልፈርድም። ከ1986ቱ የትምህርትና ሥልጠና ፖሊሲ በኋላ የአሥረኛ ክፍል ውጤት ያማረለት ወደ መሰናዶ፣ ያላማረለት ወደ ቴክኒክና ሙያ ይሄድ ነበር። መንግሥት «አገር ባለሙያ ትፈልጋለች» ይላል፤ ወላጅ የሚሰማው «ልጅህ ወድቋል» የሚለውን ነው። የአሥረኛ ክፍል ፈተናው በ2012 ዓ.ም. ቀረ። ንቀቱስ? ዛሬም ቤታችን ውስጥ ልጅ የምናስፈራራው «ካላጠናህ ቴክኒክ ትገባታለህ» እያልን አይደል? አጼ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ብረት ሠሪውንና ሸማኔውን በሥራው አትስደቡ ብለው አዋጅ አስነግረው ነበር። ከመቶ ዓመት በኋላ ስድቡ ሠለጠነ እንጂ አልቀረም።

የወደቀ ይማረው ለተባለ ትምህርት ማን ማሽን ይገዛለታል? ድርጅቱስ ለምን ይደክማል? ሠልጣኝ ጊዜ ይወስዳል፣ ዕቃ ያበላሻል፣ ሥራ ሲለምድ ደግሞ ጥሎ ይሄዳል። ይህን ኪሳራ የሚጋራው ከሌለ ቅጽ ፈርሞ ማሰናበት ይቀለዋል። እንግዲህ መንግሥት ለአሠልጣኙ ድርጅት ከግብሩ ይቀንስለት፤ የተቀነሰለት ደግሞ ልጁ በእጁ ምን መሥራት እንደቻለ ይጠየቅ። «ይህን ያህል ሺህ ወጣት አሠለጠንን» ሲባልም «ስንቱ በሙያው እንጀራ እየበላ ነው?» ብለን እኛም እንጠይቅ።

ቧንቧዬን በመጨረሻ የጠገነው ትምህርት ቤት ደጃፍ ያልደረሰ የሰፈራችን ሰው ነው። ግማሽ ሰዓት አልፈጀበትም። ባለዲፕሎማው ልጅ አጠገቡ ቁጢጥ ብሎ መፍቻ ሲያቀብል ቆየና ሲጨርሱ «ጋሼ፣ ነገም ልምጣ?» ብሎ ጠየቀው። አሁን አብሮት እየዞረ ይማራል። ደመወዝ ግን የለውም፤ የትራንስፖርት የሚሰጡት እናቱ ናቸው። ሦስት ዓመት ሲያስተምሩት የኖሩትም እሳቸው ነበሩ።