ገድለ አባ ጊዮርጊስና የልጅነት ትዝታ

ከከላላ በማይርቀው በቦረና ምድር ያለው የጋሥጫ ገዳም በየዓመቱ ሐምሌ 7 ቀን የአባ ጊዮርጊስን በዓል ሲያከብር፥ መጽሐፈ ምሥጢርንና ሰዓታትን የደረሰው ሊቅ ይመሰገናል። ገድሉን አስተውሎ የሚያነብ ሰው ግን ከሊቁ ይልቅ ዓይኑ በሕፃኑ ላይ ይቀራል፤ ሕፃኑ ፊደል የማይገባው ነበርና።

ትዝታ ልጅነትን የሚያየው ብዙውን ጊዜ ከፍጻሜው ተነሥቶ ነው። አቡነ ተክለ ሃይማኖት በተወለዱ በ3ኛው ቀን ሥላሴን አመሰገኑ ይባላል፤ ፍሬው ከታወቀ ዘንድ ዘሩም እንዲሁ ይታሰባል። በ14ኛው ክፍለ ዘመን የነበረው ጊዮርጊስ ግን በሐይቅ እስጢፋኖስ 7 ዓመት ተቀምጦ ምንም አልያዘም። እህል እየፈጨ መነኮሳቱን ሲያገለግል ባልንጀሮቹ ይሣለቁበት ነበር።

ነቃፊ ሰው ቅዱስ ያሬድን ጠቅሶ፥ ይህ የተለመደ አርአያ ነው ይል ይሆናል። እውነት አለው። ያሬድም ትምህርት እንቢ ቢለው ተገርፎ፥ ከአጎቱ ከጌዴዎን ሸሽቶ፥ ዛፍ ከምትወጣ ትል ጽናትን አይቶ ተመልሷል፤ ትዝታም የጎረቤቱን ልብስ መዋስ ያውቃል። ነገር ግን በጊዮርጊስ ታሪክ ከያሬድ ያልተወሰደ አንድ ሰው አለ፤ ይኸውም አባቱ ነው። መምህሩ ልጁ ለትምህርት አይሆንምና ወደ ቤቱ ይመለስ ባለ ጊዜ፥ በንጉሥ ድንኳን ያገለግል የነበረው ካህን አንድ ጊዜ ለእግዚአብሔር የሰጠውን መልሶ እንደማይወስድ አስታወቀ።

ልጁ ይህን ቃል በምን ልብ እንደ ተቀበለው መገመት ለአንባቢ ነው። መጣልና መሥዋዕት መሆን በሕፃን ዓይን ቶሎ የሚለዩ ነገሮች አይደሉም። ነገሩ የተነገረውም በመምህርና በአባት መካከል ነው፤ በከላላም ሆነ በመካነ ሰላም ልጇን ለቆሎ ትምህርት የሸኘች እናት ብትጠየቅ የምትለው ባላጣች ነበር። እንቢታውን ያከበረው በኋላ የመጣው ነገር ነው። ልጁ በእመቤታችን ሥዕል ፊት አልቅሶ፥ ጽዋዐ ልቡናን ጠጥቶ ሊቅ ከሆነ ወዲያ፥ የአባት ጭካኔ የአባት እምነት ሆኖ ታሰበ። እንደ ደነቆረ ቢቀር ኖሮ ያው ቃል ምን ተብሎ ይታወስ ነበር?

የገድሉ ጸሐፊ ኀፍረቱን ሊሰውር ይችል ነበር፤ ከሕፃንነቱ ብርሃን ነበር ብሎ ቢጽፍ የሚቃወመው አልነበረም። እርሱ ግን ወፍጮውንም፥ ሣቁንም፥ የአባቱንም እንቢታ በየስፍራቸው ተዋቸው።