ጽዋውን ላስቀመጡ ሰዎች ውዳሴ

ሰላም ለእናንተ፣ በመናገሻይቱ በአዲስ አበባ ዙሪያ ለቆማችሁ ሦስቱ ደጆች! በጅማ መንገድ ራስ ላይ የተሰየምሽ ሰበታ፣ በአምቦ መንገድ ግራና ቀኝ የተዘረጋሽ ቡራዩ፣ ከእንጦጦ ጀርባ ብርዱን ተከናንበሽ የጎጃምን መንገደኛ የምትሸኚ ሱሉልታ፣ ሰላም ይድረሳችሁ። በ2015 ዓ.ም. ሸገር የሚል አንድ የከተማ ስም ቢያለብሷችሁም፣ መንገደኛው አሁንም በየስማችሁ ይጠራችኋል። እኔም በየስማችሁ ጠርቼ ላወድሳችሁ ተነሣሁ። የማወድሳችሁ ግን ለፋብሪካችሁ ጭስ ወይም ለመሬታችሁ ዋጋ አይደለም። በጉያችሁ ተሰውረው ስለሚኖሩት፣ ትናንት የጽዋ ምርኮኛ ሆነው ዛሬ ጽዋውን በገዛ እጃቸው ስላስቀመጡት፣ እነርሱንም ስላነሣቸው ጥንታዊ ጥበብ ነው።

ሰበታ ሆይ፣ ያንቺስ ነገር ለባለቅኔ የተዘጋጀ ነው! በ1950ዎቹ የተተከለው የቢራ ፋብሪካሽ ስሙ ሜታ አቦ ነው። ሕዝባችን አቦ እያለ የሚማጸናቸው ደግሞ አቡነ ገብረ መንፈስ ቅዱስ ናቸው፤ ገድላቸው እህል ውሃ አልቀመሱም፣ የእናታቸውን ጡት እንኳ አልጠቡም የሚላቸው ጻድቅ። ውሃ ያልቀመሱት አባት ስማቸው በጠርሙስ ላይ ታትሞ አገር ላገር ዞረ። በ2004 ዓ.ም. ዲያጆ የተባለው የእንግሊዝ ኩባንያ ፋብሪካውን በ225 ሚሊዮን ዶላር ሲገዛ ስሙም አብሮ ተሸጠ። ጻድቁ በዚህ ይቆጡ ይሆን ወይስ ይታገሡ፣ እኔ አላውቅም፤ ለእርሳቸው የሚሳለው ጠጪ ግን ለማን እንደሚያለቅስ ያውቃል። የብሔራዊ አልኮልና አረቄ ፋብሪካም በአንቺ ዘንድ ቅርንጫፍ አለው። በዚያው ከተማ የጌቴሴማኒ ገዳም መነኮሳይያት ሌሊቱን በጸሎት ያነጉታል። የአልኮል ማስታወቂያ ከሬዲዮ፣ ከቴሌቪዥንና ከመንገድ ሰሌዳ እንዲወርድ ያዘዘው አዋጅ ቁጥር 1112 በ2011 ዓ.ም. ሲወጣ የቢራው ዘፈን ከአየሩ ጠፋ፤ የገዳሙ ደወል ግን እንደ ወትሮው ቀጠለ።

አሁን ደግሞ ሩቅ ልሂድ። በአሜሪካ ኦሃዮ ግዛት፣ አክሮን በተባለች የጎማ ፋብሪካ ከተማ፣ በእኛ አቆጣጠር ግንቦት 4 ቀን 1927 ዓ.ም.፣ የፋሺስት ጦር መረብን ሊሻገር አምስት ወር ባልሞላ ጊዜ፣ ሁለት የተሸነፉ ሰዎች ተገናኙ። አንዱ ቢል ዊልሰን የተባለ የኒውዮርክ የአክሲዮን ነጋዴ ነው። መጠጥ ከተወ ጥቂት ወራት ቢሆነው ነው። ንግዱ ከሽፎበት በሜይፍላወር ሆቴል ቆሞ የመጠጥ ቤቱ ጫጫታ ሲጠራው፣ እግሩን ወደዚያ አላነሣም፤ በአዳራሹ ከተለጠፈው የአብያተ ክርስቲያናት ዝርዝር ስም መርጦ ስልክ ደወለ። ኦ ያቺ የስልክ ጥሪ! እርዱኝ ብሎ አልነበረም የደወለው፤ እኔን የመሰለ ሌላ ጠጪ አገናኙኝ፣ እርሱን ካልረዳሁ እኔም አልድንም ብሎ ነው እንጂ። ያገናኙት ቦብ ስሚዝ ከተባለ የቀዶ ሕክምና ሐኪም ጋር ነበር። ሐኪሙ ሩብ ሰዓት ብቻ ልስጠው ብሎ መጣ፤ ስድስት ሰዓት ተቀመጠ። ስብከት ሰምቶ ያውቃል፣ ምክርም ጠግቧል። ያን ማታ የሰማው ግን የገዛ ውርደቱን በሌላ ሰው አፍ ሲነገር ነው። ከአንድ ወር በኋላ ሰኔ 3 ቀን፣ እርሱ ለመጨረሻ ጊዜ የጠጣበት ቀን፣ አልኮሊክስ አኖኒመስ የተባለው ማኅበር ልደት ሆኖ እስከ ዛሬ ይከበራል።

ይህ ማኅበር ከሰማይ ዱብ አላለም። ሁለቱም ሰዎች የኦክስፎርድ ቡድን ከሚባለው የክርስቲያኖች ኅብረት ጡት የጠቡ ነበሩ። ኅብረቱን የመሠረተው ፍራንክ ቡክማን የሉተራን ፓስተር ነው። ኃጢአትን ለባልንጀራ መናዘዝን፣ የበደሉትን መካስን፣ ማለዳ ጸጥ ብሎ መጸለይን፣ ራስን ለእግዚአብሔር መስጠትን ያስተምር ነበር። በኒውዮርክ የካልቨሪ ቤተ ክርስቲያን አስተዳዳሪ የነበሩት ሳሙኤል ሹሜከር ይህንኑ ለቢል አካፈሉት፤ ቢልም ኋላ ባለውለታነታቸውን ደጋግሞ መስክሯል። የሐኪሙ ባለቤት አን ደግሞ በዚያ ክረምት ሁለቱን ሰዎች በየማለዳው አስቀምጣ ቅዱስ መጽሐፍ ታነብላቸው ነበር። በዚያ ቤት ከሁሉ አብልጠው የወደዱት የያዕቆብን መልእክት፣ የተራራውን ስብከትና ጳውሎስ ለቆሮንቶስ ሰዎች ስለ ፍቅር የጻፈውን ምዕራፍ ነበር። በ1931 ዓ.ም. አሥራ ሁለቱ ደረጃዎች በመጽሐፍ ሲታተሙ የክርስቶስ ስም አልተጻፈባቸውም። እግዚአብሔርን እያንዳንዱ በተረዳው መጠን ይጥራው ተባለ። ይህን ክህደት ያሉ አሉ። እኔ ግን በሩን ማስፋት እለዋለሁ፤ ሥር መሬት ውስጥ ስለተደበቀ ዛፉን አይክደውም።

ይህ ጥበብ አሜሪካ ከመታሰቧ በፊት የእኛው ደም ባለው ሰው ላይ ታይቶ ነበር። ሰላም ለአንተ፣ አባ ሙሴ ጸሊም! በአራተኛው መቶ ዘመን በግብፅ ምድር ባሪያ፣ ቀጥሎም የሽፍቶች አለቃ የነበርክ ኢትዮጵያዊ ሆይ! ጳላድዮስ ታሪክህን ሲጽፍ ዓባይን በሙላቱ ዋኝተህ መሻገርህን፣ አራት ሙክት አርደህ ሥጋቸውን መብላትህን፣ ቆዳቸውን በወይን ለውጠህ እስኪበቃህ መጠጣትህን አልሸሸገም። ገድል እንዲህ ሲጻፍ ደስ ይላል፤ ቅዱሱን ከውድቀቱ ጋር ሲያሳየን ወዳጅ እንደሰጠን ይቆጠራል። ሙሴም ወደ አስቄጥስ በረሃ ገብቶ መነኮሰ፤ ልማዱ ግን አብሮት ገባ። ፆሩ ሲበረታበት ሌት ተቀን ወደ አባ ኤስድሮስ እየሮጠ ሐሳቡን ሳይደብቅ ዘረገፈ። አረጋዊው አልገሠጸውም፤ ጎህ ሲቀድ ሰገነት ላይ አውጥቶ ጨለማው አንድ ጊዜ ሳይሆን ቀስ በቀስ ሲሸሽ አሳየው። ከዚያ በኋላ ሙሴ እንቅልፉን ትቶ በሌሊት የአረጋውያን መነኮሳትን እንስራ እየለቀመ ከሩቅ ምንጭ ውሃ ይሞላላቸው ጀመር። አንድ ወንድም በድሎ ለፍርድ ሲጠራም፣ ቀዳዳ ከረጢት አሸዋ ሞልቶ በጀርባው ተሸክሞ መጣ። የእኔ ኃጢአት ከኋላዬ እየፈሰሰ እኔ በሌላው ልፈርድ ነውን ብሎ ጉባኤውን በተነ።

መናዘዝ፣ ቀን በቀን መታገሥ፣ ለሌላው ውሃ መቅዳት፣ አለመፍረድ። የአክሮን ሰዎች ከዚህ የተለየ ምን አደረጉ? ቤተ ክርስቲያናችን በሰኔ 24 የምታስበው አባት የሰካራሞች ሁሉ ታላቅ ወንድም ነው። ስሙ በየጠላ ቤቱ በር ላይ ቢጻፍ አይበዛበትም ነበር።

ወደ እናንተ ልመለስ፣ ሦስቱ ደጆች። በእናንተ መካከል የሚዘዋወሩት የንስሐ አባቶች ይመስገኑ። በተለይ አረቄ የሸተተውን ሰው አፍንጫቸውን ሳይዙ የሚያዳምጡት፣ ቀኖናውን እንደ አቅሙ የሚሰፍሩለት፣ ተገዝቶ ግዝቱን ሲያፈርስ ደግሞ በሩን የማይዘጉበት ይመስገኑ። (በዐውደ ምሕረት ሰካራሙን መሣቂያ የሚያደርጉት ሰባክያን ግን በዚህ ውዳሴ ድርሻ የላቸውም።) በቡራዩና በሰበታ ቆርቆሮ አዳራሾች ሌሊቱን የሚጸልዩ፣ መጠጥን ፈጽመው የተዉ ወንጌላውያንም ይመስገኑ። ከመጠጥ የወጣ ሰው አርብ ማታ የት ልሂድ ብሎ ሲጨነቅ የሚሄድበትን ቦታ አዘጋጅተውለታል፤ ይህ ትንሽ ነገር አይደለም።

ቡራዩ፣ አንቺም ተጨማሪ ክብር አለሽ። የገፈርሳ ግድብ መናገሻይቱን ውሃ ያጠጣል፤ የገፈርሳ የአእምሮ ሕሙማን ማገገሚያም ሰው የሸሻቸውን ያስጠጋል። የሐኪሙን እጅ ሳላወድስ ብቀር ውዳሴዬ ጎዶሎ ይሆናል። ለዓመታት በየቀኑ ሲጠጣ የኖረ ሰው በድንገት ሲያቋርጥ ሰውነቱ ሊንቀጠቀጥ፣ ሊቃዥ፣ ሊጥለው ይችላል፤ አንዳንዱንም ይገድለዋል። ስለዚህ ወደ ጸበል የሚወስደው ወንድም መጀመሪያ ሐኪም ቢያሳየው እምነት አጉድሏል አይባልም። ቢል ዊልሰንም ከመጠጥ ሲወጣ የመንፈስ ብርሃን ያየው በሆስፒታል አልጋ ላይ ተኝቶ ነው። በአክሮን የቅዱስ ቶማስ ሆስፒታል ሲስተር ኢግናሺያ የተባለች መነኩሴ ከ1931 ዓ.ም. ጀምሮ ከዶክተር ቦብ ጋር ጠጪዎችን አልጋ እየሰጠች ታስታምም ነበር። ታካሚው ሲወጣ የኢየሱስ ቅዱስ ልብ ምስል ያለበት ትንሽ ምልክት ትሰጠዋለች፤ ልትጠጣ ስትነሣ መጀመሪያ ይህን መልስልኝ ትለዋለች። በአንገቱ ማዕተብ ያሰረ የሰበታ ልጅ ይህ ምን ማለት እንደሆነ ማብራሪያ አያሻውም።

የእኛው የጽዋ ማኅበርም ይወደስ። በየወሩ በጻድቁ ቀን ተሰብስበን፣ ጸልየን፣ ዳቦ ቆርሰን፣ ጽዋ ተቀባብለን፣ የታመመ ጠይቀን፣ ያዘነ አጽናንተን እንለያያለን። አክሮን ያልነበራት እኛ ግን ከአባቶቻችን የወረስነው ሥርዓት ይህ ነው። አንድ ነገር ብቻ ይቀረናል፤ ጽዋው ጠላ ሆኖ ሲዞር አንዱ አባል እጁን ከደረቱ ሳያነሣ ሲቀር፣ ምነው ማኅበርተኛ አትቀምስም ብለን ባንጎተጉተው። በብርዝ ወይም በውሃ የሚቀበለው ሰው ከማኅበሩ በረከት አንዲት ጠብታ አይጎድልበትም። ጌሾ ሳትወቅጥ፣ ጥንስስ ሳትጥል ማኅበሯን በብርዝ ያወጣች እመቤትም ባሏን ከመንገድ ለመለሰላት ጻድቅ ስለቷን ከፍላለች።

በመጨረሻ ስማቸውን ለሰወሩት ክብር ይሁን። ዶክተር ቦብ በ1943 ዓ.ም. ሲያርፍ በመቃብሩ ድንጋይ ላይ ስለማኅበሩ አንዲት ቃል አልተጻፈችም። ቢል ዊልሰን ሙሉ ስሙ በጋዜጦች በይፋ የወጣው ጥር 16 ቀን 1963 ዓ.ም. ሲሞት ነው። ጥር 16! በእኛ ዘንድ 16 ቀን የኪዳነ ምሕረት ነው፤ በሱሉልታና በአዲስ አበባ መካከል በእንጦጦ ያለችው ኪዳነ ምሕረት ጸበል ሌሊት ተነሥቶ የሚሰለፈውን ሕዝብ የምትቀበልበት ቀን። ከዚያ ሰልፍ ውስጥ አረቄ ያመጣው፣ ወይን ያመጣው፣ ቢራ ያመጣው አለ። ተራው ሲደርስ ካህኑ መታወቂያ አይጠይቀውም፣ የአባቱን ስም፣ የሠፈሩን ስም፣ የጠጣበትን ቤት ስም አይጠይቀውም፤ ክርስትና ስምህ ማን ነው ይለዋል፣ እርሱም ወልደ ሚካኤል ብሎ ከሺህ ወልደ ሚካኤሎች ጋር አንድ ሆኖ ይገባል።