እንጆሪና አረቄ

ሮቤ ስል የአርሲዋን ማለቴ ነው፤ የባሌዋ ሌላ ናት። በዚህ ደጋ የዱር እንጆሪ፣ በኦሮምኛ ጎራ፣ በአጥር ሥርና በወንዝ ዳር ይገኛል። ልጆች ጣታቸው እስኪጠቁር ይለቅሙታል፤ እሾሁን ማን ቆጥሮት!

ማርማላታ ሲሆን ደግሞ ልዩ ነው። ቃሉ የጣሊያን ነው፤ ፍሬው የራሳችን። ለአንድ ኪሎ እንጆሪ ከ700 እስከ 800 ግራም ስኳርና የአንድ ሎሚ ጭማቂ ይበቃል። መድረሱን ለማወቅ ቀዝቃዛ ሳህን ላይ ጠብ አድርጎ በጣት መግፋት ነው፤ ከተጨማደደ ይውረድ።

አረቄው የሚገባው ያኔ ነው፤ ሁለት ማንኪያ፣ ከእሳት ከወረደ በኋላ። አልኮል በ78 ዲግሪ ስለሚፈላ፣ ቀድሞ ከገባ መዓዛው ለጎረቤት ይቀራል። የውጭዎቹ ጣፋጭ ሊኮር ይጨምራሉ፤ እኔ ግን የአርሲ ነገሌን ካቲካላ አልለውጥም።

የተቀቀለ ብርጭቆ ውስጥ በትኩሱ ሞልቶ፣ ከድኖ፣ እንደገና በፈላ ውሃ መቀቀል ያስፈልጋል። ሮቤ ከፍታዋ ከ2,400 ሜትር ስለማያንስ ውሃው በ92 ዲግሪ ገደማ ይፈላል፤ በባሕር ጠለል 5 ደቂቃ የሚበቃው እዚህ 15 ይፈልጋል።

በአርሲ ስንዴ ትኩስ ዳቦ ላይ ቅቡት። ለልጆቹ ግን አረቄ ያልነካውን ለዩላቸው።