ስለ ዓድዋ ፊልምና ስለ እንጅባራ ፈረሰኞች

ጥር 23 ቀን እንጅባራ ላይ የአገው ፈረሰኞችን በዓል ባየንበት ዕለት ማታ፥ ስለ ዓድዋ የተሠራ አንድ አጭር ዘጋቢ ፊልም ተመለከትን። ተራኪው የ1888ቱን ጦርነት ሲናገር በሥዕሉ ላይ አውሮፕላን ያልፍ ነበር። በዓድዋ ጊዜ ግን አውሮፕላን ገና አልተሠራም። ያየነው በ1928 ዓ.ም. የኢጣልያ ጦር ሲወረን የተነሣ ፊልም ነው። ድል ያደረግንበትን ቀን በተወረርንበት ዘመን ሥዕል መተረክ ነውና፥ ስሕተቱ እንደ ቀላል ሊታለፍ አይገባም።

የሉሚየር ወንድማማቾች ሲኒማቶግራፍን በፓሪስ ለሕዝብ ያሳዩት በታኅሣሥ 1888 ዓ.ም. ሲሆን፥ ጦርነቱ የሆነው በዚያው ዓመት የካቲት 23 ቀን ነው። ታዲያ ካሜራ ያልደረሰበት ነገር እንዴት በፊልም ይነገራል? ኃይሌ ገሪማ በ1999 እ.ኤ.አ. ባወጣው «ዓድዋ» በተባለው ፊልሙ መልካም መልስ ሰጥቷል። የሀገራችንን ሥዕል፥ ዜማና የሽማግሌዎችን ቃል አሰባስቦ ሠራው እንጂ፥ የሌለውን አለ አላለም። ተመልካቹም ሥዕሉን ከትዝታው ለይቶ ያያል። ይሁን እንጂ ይህ መንገድ የሚያገለግለው የሚናገር ሽማግሌ እስካለ ድረስ ብቻ ነው።

የወረራው ፊልም በአንጻሩ ብዙ ነው። በ1924 እ.ኤ.አ. የተቋቋመው የኢጣልያ ሉቼ ተቋም ያስነሣው ሮም ውስጥ ተጠብቋል። ከዚያ የሚቀዳ ሰው ግን ካሜራው የቆመው ከወራሪው ጎን መሆኑን መርሳት የለበትም። ጃኒኪያንና ሪቺ ሉኪ በ2013 እ.ኤ.አ. «ፔይ ባርባር» በተባለው ፊልማቸው የዚያን ዘመን ሥዕል ቀስ አድርገው በማሳየት፥ ተመልካቹ የአንሺውንም ዓይን እንዲመረምር አድርገዋል። ከሮም ቅጂ የሚያመጡ ወገኖቻችን ይህን ቢማሩ እንወዳለን።

ወደ አዊ እንመለስ። የፈረሰኞቹ ማኅበር በ1932 ዓ.ም. እንደ ተመሠረተ ይነገራል፤ ዓድዋ የዘመቱትን አባቶችና ፈረሶቻቸውን ያስባል። ዛሬ በዓሉን በስልኩ የማያነሣ ሰው የለም። ዳሩ ግን የጋላቢውን ስም፥ የመጣበትን ቀበሌና ዓመተ ምሕረቱን ማን ይጽፋል? ከስልክ ወደ ስልክ ሲላላኩት ጥራቱ ይቀንሳል፤ ስልኩ ሲጠፋም አብሮ ይጠፋል። በየቤቱ የተቀመጠውን የቪዲዮ ካሴትም የደጋው እርጥበት ሻጋታ ያወጣበታል።

ስለዚህ የእንጅባራና የዳንግላ ተማሪዎች ሦስት ነገር ቢያደርጉ እንላለን። አንደኛ፥ ካሴቱን ሳይበላሽ ይገልብጡ፤ ቅጂውንም በተለያየ ስፍራ ያስቀምጡ። ሁለተኛ፥ ማን፥ መቼና የት እንዳነሣው ይጻፉበት። ሦስተኛ፥ ሽማግሌዎችን በአዊኛ ያናግሩ፤ ትርጉሙ ከሥር ይጻፍ እንጂ ድምፃቸው አይሸፈን። ለዓድዋ ካሜራ አልደረሰም ብለን እናዝናለን፤ ካሜራ በኪሳችን ይዘን የጥር 23ን ፈረሰኞች ብናጠፋ ግን ምን ምክንያት እናቀርባለን?