«እስከ መቃብር» የማን ቃል ነው?

የሐዲስ ዓለማየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር» (1958 ዓ.ም.) በአመዛኙ የበዛብህና የሰብለ ወንጌል ታሪክ ሆኖ ሲተነተን ቆይቷል። የዚህ አጭር ጽሑፍ ዓላማ የርዕሱን ሐረግ ከአረጋውያን ባልና ሚስት ቃል ኪዳን አንጻር መመርመር ነው።

በጎንደር ደጋ፣ በከተማዋ ዳር በምትገኘው በቁስቋምም ሆነ በገጠሩ፣ በቆየው ልማድ የሰማንያ ጋብቻ በሽማግሌ ፊት ታስሮ በሽማግሌ ፊት ሊፈታ ይችላል። የቁርባን ጋብቻ ግን አይፈታም፤ አንዱ ቢሞት እንኳ የቀረው ሌላ እንዲያገባ አይጠበቅም። ስለሆነም ከካህናት በቀር ብዙዎች ወልደው፣ ልጅ ድረው፣ ጉልበታቸው ሲደክም አብረው ይቆርቡ ነበር። ድርጊቱ «አንለያይም» እና «መሄጃችን ደርሷል» የሚሉትን ሁለት ሐሳቦች ባንድ ጊዜ ይናገራል። ለሙሽሮች የሚሰጠው «እንደ አብርሃም እንደ ሣራ ያድርጋችሁ» የሚለው ምርቃትም ለወጣቶች አርአያ አድርጎ የሚያቀርበው አብረው አርጅተው አንድ መቃብር የተጋሩ ባልና ሚስትን ነው።

ይሁን እንጂ ይህን ጓደኝነት ታላላቅ መታሰቢያዎች አይመዘግቡትም። እቴጌ ምንትዋብ በቁስቋም ባሠሩት ደብር ዐፅማቸው ከልጃቸው ከዳግማዊ ኢያሱና ከልጅ ልጃቸው ከኢዮአስ ጋር ተቀምጧል። ሦስቱን ያገናኘው የዘር ሐረግ ነው። የባልና ሚስት እርጅና ለሥነ ቃልና ለልቦለድ ተትቷል።

በልቦለዱ ውስጥ በትዳር ተሳስረው ሲኖሩ የምናያቸው የበዛብህ ወላጆች ቦጋለ መብራቱና ውድነሽ በጣሙ ናቸው። ሂሳችን ግን ሁለቱን የልጃቸውን ስለት ለማስረዳት ብቻ የገቡ ገጸባሕርያት አድርጎ ያልፋቸዋል። እነርሱን በትኩረት ላነበበ ሰው የሰብለ ፍጻሜ ሌላ ትርጉም ይኖረዋል። ሰብለ ከበዛብህ ጋር አላረጀችም። ነገር ግን ባሏን እንደ ቀበረች ቆራቢ አሮጊት ትመነኩሳለች፤ መቃብሩንም ትጋራለች። የአረጋውያኑን ግዴታ ሙሉ በሙሉ ትወጣለች፤ የአረጋውያኑን ዘመን ግን አላገኘችም።

በዚህ ጸሐፊ እምነት የትራጀዲው ክብደት የሚገኘው እዚህ ላይ ነው። ሞት ለማንም አይቀርም፤ አብሮ አርጅቶ ሞትን በሰላም መቀበል ግን በዘርና በማዕርግ ልዩነት ሊነጠቅ ይችላል። ይህ ንባብ ልቦለዱ በፊውዳሉ ሥርዐት ላይ የሰነዘረውን ሂስ አያላላም፤ ያጠብቀዋል።